ሕፃናትና አዲሱ ሥዕል

ዐዋቂ ሰው በአዲስ ሥዕል ፊት ሲቆም አስቀድሞ የሚያነሣው ጥያቄ «ይህ ምንድን ነው?» የሚል ነው። ሕፃን ግን ይህን ከመጠየቁ በፊት ክቡን በጣቱ በአየር ላይ ይከተላል፤ መሥመሩ ዘንበል ካለ እርሱም ዘንበል ይላል፤ ቀዩን ቀለም ከጓደኛው ቀድሞ ለማግኘት ይሽቀዳደማል። ብዙዎች ይህን እንደ ብልግና ይቈጥሩታል። እኛ ግን የማየት መጀመሪያ ነው እንላለን።

ከጨለለቂ ሠፈር ተነሥቶ በነቀምት ወደሚገኘው የወለጋ ሙዚየም የሚገባ ሕፃን በዚያ የሚያየው የስፌት፣ የእንጨትና የሽመና ሥራ እንግዳ አይኾንበትም፤ ሰፌዱን ከቤቱ ያውቀዋልና። በሰፌድ ላይ የሰው መልክ የለም፤ ያለው እየዞረ የሚሰፋ ቀለም፣ ማዕዘንና መሥመር ነው። ኾኖም «ትርጕሙ ምንድን ነው?» ብሎ ሰፌድን የሚከስ የለም።

የገብረ ክርስቶስ ደስታን ሥዕሎች ለማየት ግን ይኸው ሕፃን ወደ 330 ኪሎ ሜትር ተጕዞ አዲስ አበባ መድረስ፣ በዩኒቨርሲቲው ሥር በስማቸው ወደ ተሠየመው የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም መግባት አለበት። እኒህ በ1973 ዓ.ም. በስደት ያረፉት ሠዓሊና ባለቅኔ ከጀርመን ከኮሎኝ ተምረው በተመለሱ ጊዜ፣ ሥራቸው ከአገር ልማድ የራቀ ነው ተብለው ተነቅፈው ነበር። የሰፌድ ልጅ ግን ይህን ነቀፌታ በጨዋታው ያፈርሰዋል።

የሥዕልን ቋንቋ በሕፃናት ዘንድ የፈለገ ሰው በሌላም አገር ነበረ። በስዊስ የተወለዱት ሠዓሊ ፓውል ክሌ የሥራዎቻቸውን መዝገብ ሲያዘጋጁ፣ በልጅነታቸው የሣሉትን ሳይንቁ ከዐዋቂነታቸው ሥራ ጋር አስፍረውታል።

«ጨዋታ ሥዕሉን ያበላሻል» የሚሉ ወገኖች ሥጋታቸው ከንቱ አይደለም፤ የእጅ ላብና ቅባት ቀለምን ይጐዳልና። ስለዚህ እጅ ይከልከል። ዐይን፣ አንደበትና ሐሳብ ግን ለምን ይከልከሉ? አስጐብኚው ሕፃኑ ገና ሳያይ «ይህ የመከራ ምሳሌ ነው» ብሎ ሲደመድም፣ ሥዕሉን ያስረዳ ይመስለዋል እንጂ የዘጋው እርሱ ነው።

እንግዲህ መምህራን ሆይ፣ ከማብራሪያው በፊት ጥቂት ደቂቃ ዝም እንበል፤ ለሕፃናቱም ወረቀትና እርሳስ ሰጥተን ወለል ላይ እናስቀምጣቸው። ያን ያህል መንገድ ተጕዞ የመጣ ልጅ ከሙዚየም ፍርሀትን ብቻ ይዞ ከተመለሰ፣ ካደገም በኋላ በሩን አይረግጥም፤ ጥፋቱም የእኛ ይኾናል።