የጨቅላ አፍንጫ

ኅዳር ገብቶ የኩታበርን ደጋ ውርጭ ሲመታው ጤና ጣቢያ የሚመጡ አራሶች ወሬ ይመሳሰላል፤ «ሲስተር፣ ልጄን ብርድ መታብኝ። አፍንጫው ተዘግቶ ሌሊቱን ሲያንኮራፋ አደረ።» እናትየዋን ተከትለው አያት ይገባሉ። ብዙ ጊዜ በነጠላቸው ጫፍ የቋጠሩት ዳማከሴ አብሯቸው አለ።

አፍንጫውን የማየው መጨረሻ ላይ ነው። መጀመሪያ ደረቱን ገልጬ፣ ሳያለቅስና ሳይጠባ፣ ትንፋሹን አንድ ሙሉ ደቂቃ እቆጥራለሁ። ጨቅላ ሲተነፍስ ፈጠን፣ ቆም፣ ደግሞ ፈጠን ይላልና ግማሽ ደቂቃ ቆጥሮ በሁለት ማባዛት ያሳስታል። ቁጥሩ 60 ወይም ከዚያ በላይ ከሆነ እንደገና እቆጥራለሁ። ሁለተኛውም ያው ከሆነ፣ ወይም ሲተነፍስ የታችኛው ደረቱ ወደ ውስጥ የሚሰረጉድ፣ የሚያቃስት፣ መጥባት ያቆመ፣ ሙቀቱ 37.5 የደረሰ ወይም ከ35.5 የወረደ ከሆነ ነገሩ የአፍንጫ ብቻ አይደለም። የመጀመሪያውን የፀረ ተሕዋስያን መርፌ ሰጥቼ፣ ከእናቱ ገላ ጋር እንደተለጠፈ ወደ ደሴ እልከዋለሁ። ጀማሪ ባለሙያ እዚህ ላይ ይቸገራል። የንፍጡ ድምፅ ደረት ድረስ ይሰማል፤ እጅ ሲያሳርፉበትም ደረቱ ይርገበገባል። ድምፁ ከአፍንጫ ብቻ ከሆነ ግን አፍንጫው ሲጸዳ ይቀንሳል፤ ልጁም ጡት ይዞ ይጠባል።

ትልቅ ሰው አፍንጫው ሲዘጋ አፉን ከፍቶ ይተነፍሳል። ጨቅላ እንዲህ አይቀለውም። ማንቁርቱ ከፍ ብሎ ከላንቃው ስለሚቀራረብ እየጠባ መተንፈስ ይችላል፤ ወደ አፍ መተንፈስ ለመዞር ግን ይዘገያል። መተላለፊያው ደግሞ እጅግ ጠባብ ነው። በቀጭን ቱቦ ቀስ ብሎ የሚያልፍ አየር፣ የቱቦው ወርድ በግማሽ ሲጠብ የሚገጥመው እንቅፋት ወደ 16 እጥፍ ይጨምራል። እኛ ከቁም ነገር የማንቆጥረው እብጠት እሱን ጡት እያስለቀቀ ሲያስለቅሰው ያድራል።

መንስኤው አንድ አይደለም። ታላላቆቹ ጉንፋናቸውን ይዘው ይስሙታል። የጠባው ወተት ተመልሶ በአፍንጫው ይወጣል። ደረቅ ብርድ ንፍጡን ያደርቀዋል። አንዳንዱ ትኩሳትም ሌላ ሕመምም ሳይኖርበት የአፍንጫው ውስጠኛ ሽፋን አብጦ ይሰነብትና በሳምንታት ውስጥ በራሱ ይለቀዋል። አንዱ መንስኤ ደግሞ የእኛ የባለሙያዎች እጅ ነው። የተወለደን ሕፃን ሁሉ አፍና አፍንጫ በቱቦ መምጠጥ ለረጅም ዘመን የማዋለድ ሥራ አካል ነበር። የዓለም ጤና ድርጅት በ2012 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ ራሱን ችሎ ለሚተነፍስ ልጅ ይህ እንዳይደረግ መክሯል። ምክንያቱ እጅ ላይ ይታያል፤ ቱቦው ስሱን ሽፋን ይልጠዋል፣ የተላጠው ያብጣል፣ ያበጠው ተዘጋ ተብሎ እንደገና ይመጠጣል።

ሕክምናው አጭር ነው። ግሉኮስ የሌለበት ንጹሕ የጨው ውኃ፣ በሊትር 9 ግራም ጨው ያለውን፣ መርፌው በተነቀለ ሲሪንጅ እቀዳለሁ። ልጁን በጀርባው አስተኝቼ በእያንዳንዱ ቀዳዳ አንድ ሁለት ጠብታ አደርጋለሁ፤ ከዚያም ጥቂት መቆየት ነው። ብዙውን ጊዜ ያስነጥስና ያወጣዋል። ደጅ የወጣውን በለስላሳ ጨርቅ መጥረግ ብቻ፤ ጥጥ የተጠቀለለበት እንጨት ወደ ውስጥ አይገባም። ካልለቀቀ በላስቲክ መምጠጫ ከአፉ ጀምሬ ወደ አፍንጫው እሄዳለሁ፤ አፍንጫው ሲነካ ደንግጦ አየር ስለሚስብ በአፉ ያለው ወደ ሳንባው እንዳይገባ ነው። ይህም የሚደረገው ከመጥባቱ በፊት ነው እንጂ ሰዓት በመጣ ቁጥር አይደለም። እቤት ጨው በጥብጡ አልልም፤ የእጅ ልክ ከእጅ ልክ ይለያያል። ከእኛ የተሰጠውም በማግስቱ ይደፋል።

የሚከብደው እዚህ ላይ ማቆሙ ነው። አያት ሁለት ጠብታ ጨው ውኃ አያረካቸውም። «አብሽሪ ልጄ፣ እኛ ስንቱን በዳማከሴ አሳድገናል» ይሉኛል። «እማማ፣ ዳማከሴውን ለርስዎ ጉንፋን ያቆዩት፤ የዚህ ልጅ አፍንጫ ገና ጥሬ ሥጋ ነው» እላለሁ። አፍንጫው ውስጥ በሚጨምሩት ቅቤ ላይ ግን አልለሳለስም። አፍንጫ ውስጥ የተጨመረ ቅባት በትንፋሽ ወደ ሳንባ ወርዶ ያቆስለዋል። «እንጥሉ ወርዶ ነው» ተብሎ ለምላጭ የሚታሰበው ልጅም እንደዚሁ፤ የሚያንኮራፋው አፍንጫው ነው፣ እንጥሉ ቢቆረጥ ደም መፍሰስና መመርቀዝ ይጨመርበታል። ከመድኃኒት ቤት የሚመጣው የትልቅ ሰው ጠብታ ከዳማከሴው ይብሳል። ናፋዞሊንና መሰሎቹ አፍንጫውን ለጊዜው ከፍተው መልሰው ያሳብጡታል፤ በጨቅላ ላይ ደግሞ የልብ ምቱን ሊያዘገዩ፣ ትንፋሹን ሊያቋርጡ ይችላሉ።

ከብርድ ጋር የሚምታቱ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው ዝም ሲል የሚጠቁር፣ ሲያለቅስ የሚቀላ ልጅ ነው። የአፍንጫው የኋላ በር ከተፈጥሮው ተዘግቶ ይሆናል፤ ጀርመናዊው ሮደረር በ1755 እ.ኤ.አ. የገለጸው ችግር ነው። በየቀዳዳው ፊት ስስ የጥጥ ክር እይዛለሁ፤ ካልተንቀሳቀሰ ቀጭኑን የመመገቢያ ቱቦ በቀስታ እሞክራለሁ። በሁለቱም በኩል ካላለፈ በአፉ አየር ማሳለፊያ አድርጎ መላክ ነው፤ እዚህ የሚሠራ ሌላ ሥራ የለም። በአንድ በኩል ብቻ የተዘጋው ግን ለዓመታት ሳይታወቅ ሊኖር ይችላል። ሁለተኛው ንፍጡ ደም የቀላቀለ፣ የአፍንጫው ዙሪያ የቆሰለ፣ መዳፉና ውስጥ እግሩ ሽፍታ ያወጣ ልጅ ነው። ያኔ የእናቲቱን የእርግዝና ክትትል ካርድ እገልጣለሁ። የቂጥኝ ምርመራው ካልተደረገ እዚያው ይደረጋል። ሕክምናው ፔኒሲሊን ነው፤ ለልጁ፣ ለእናቱ፣ ለአባቱም። አባትየውን ማሳመን አንዳንዴ ከሕክምናው ይረዝማል፤ ለብቻው አስገብቼ፣ በሩን ዘግቼ ነው የማነጋግረው።

የቀሩት፣ ማለትም አብዛኞቹ፣ ያለ መድኃኒት ወረቀት ይመለሳሉ። ከመሄዳቸው በፊት እዚያው ፊቴ ልጁ ሁለቱንም ጡት ሲጠባ አያለሁ። ከዚያ የማነሣው የቤታቸውን ነገር ነው፤ አራሷ የምትተኛበት መደብ ከምድጃው ምን ያህል ይርቃል? ለሙቀት ተብሎ ኩበቱ አጠገቧ ይነዳል፤ ጭሱን ደግሞ ልጁ ሌት ተቀን ይስባል። ልጁን ከደረቷ ጋር ገላ ለገላ አድርጋ ብትሸፍነው ያለ ጭስ ይሞቃል። ጉልቻውን ወደ በሩ ማራቅ ግን የአራስ ሥራ አይደለምና ደጅ የቆመውን አባት ጠርቼ ለእሱ እነግረዋለሁ።