እሳት ዘር ሲሆን

«ዘበኞቹ እኮ እውነታቸውን ነው!» አለችኝ የስምንት ዓመቷ የእህቴ ልጅ፣ ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ ሳትነቅል። እናይ የነበረው በ2023 እ.ኤ.አ. የካን ፌስቲቫል መዝጊያ ሆኖ የታየውን የፒክሳር ፊልም፣ «ኤለመንታል»ን ነው። የእሳት ዘር የሆነ አባት ትንሽ ልጁን ብርቅ አበባ ሊያሳያት ይወስዳታል። በር ላይ ሲደርሱ ግን «እሳታችሁ አደገኛ ነው» ተብለው ይመለሳሉ፤ አባትም በልጁ ፊት ይዋረዳል። ፊልሙ እዚህ ላይ እንድናዝን ይፈልጋል። የእህቴ ልጅም አላዘነችም አልልም። ነገር ግን «ቢገቡ ያቃጥሉት የለ?» ስትል ጠየቀችኝ። አበባው በእሳትም ውስጥ ቢሆን መኖር እንደሚችል ፊልሙ በአንድ ዐረፍተ ነገር ጠቅሶ ያልፋልና ይህንኑ ነገርኳት። ጥቂት ዝም ብላ ቆየችና፣ «ሌሎቹ አበቦችስ?» አለች።

መልስ አልነበረኝም። ይህን እንድጽፍ ያደረገኝም ያ ጥያቄ ነው።

ፊልሙን ላላየ አንባቢ ነገሩ ወዲህ ነው። የውሃ፣ የአየር፣ የመሬትና የእሳት ሰዎች የሚኖሩባት አንዲት ከተማ አለች። እሳቶቹ ወደዚህች ከተማ ዘግይተው የመጡ ናቸው። ባልና ሚስቱ ከአገራቸው በመርከብ ሲደርሱ የኢሚግሬሽኑ ሠራተኛ ስማቸውን መጻፍ ያቅተውና በርኒና ሲንደር ብሎ ያወጣላቸዋል። በር ሁሉ ሲዘጋባቸው አንድ የፈራረሰ ቤት አግኝተው ሱቅ ይከፍታሉ፤ ከአገር ይዘውት የመጡት ሰማያዊ ነበልባልም በዚያው ይኖራል። ሱቁን ትወርሳለች የተባለችው ልጃቸው ኤምበር ናት። እሷ ግን ቁጣዋ እየገነፈለ ያስቸግራታል፤ ልቧም የውሃ ልጅ በሆነው በዌድ ላይ ያርፋል።

ዳይሬክተሩ ፒተር ሶን ይህን ከሕይወቱ የቀዳው ነው። ወላጆቹ ከኮሪያ ወደ ኒውዮርክ ፈልሰው በብሮንክስ ሱቅ የነበራቸው ሰዎች ናቸው፤ ፊልሙ ሲወጣ ሁለቱም በሕይወት አልነበሩም። ለዚህም ይመስለኛል ሱቁ ውስጥ የሚሆነው ነገር ሁሉ እውነት እውነት የሚሸተው። ዋሽንግተን ውስጥ በርበሬና ሽሮ የሚሸጥ ዘመድ ያለው ሰው፣ በርኒን ማንም ሳያስተዋውቀው ያውቀዋል።

አሣሣሉንም ማድነቅ ግድ ይላል። ፒክሳሮች በሰው ቆዳ ላይ ነበልባል አልለጠፉም፤ ኤምበር ራሷ ነበልባል ናት። ስትናደድ ሐምራዊ ትሆናለች፣ ስትከፋ ትደበዝዛለች። ያ ያሳፍራት የነበረው ትኩሳቷ ደግሞ አሸዋ አቅልጦ መስተዋት ይሠራል። ከፊልሙ ሁሉ የወደድኩት ሐሳብ ይህ ነው፤ ሙያዋ ከነውሯ ውስጥ መውጣቱ። ቋንቋቸው እንኳ እንዲያው የተንጫጫ ድምፅ አይደለም፤ ለ«ጌም ኦፍ ትሮንስ» ቋንቋዎችን የፈጠረው ዴቪድ ፒተርሰን የሠራው ነው።

ታዲያ ምን ጎደለው? የጎደለው ነገር የለም፤ ችግሩ እሳት የምሩን ማቃጠሉ ነው።

በእኛ አገር የሆነው የዚህ ግልባጭ ነበር። እኛም ከማንም ፊልም ሠሪ ቀድመን የእሳት ዘር ፈጥረናል። ቀኑን ሙሉ ከወናፍና ከፍም ጋር የሚውለውን ቀጥቃጭ «ቡዳ» አልነው፤ ሌሊት ጅብ ይሆናል፣ በዓይኑ ይበላል ተባለ። አያቴ ቀጥቃጩ በደጃችን ሲያልፍ ሌማቱን በነጠላዋ ሸፈን ታደርግ ነበር። ማረሻውና ማጭዱ ግን የእሱ እጅ ሥራ ነው። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሙያው መስደብ ይቅር ብለው ቢያውጁም አዋጁ እስከ አያቴ ደጅ አልደረሰም። ያ ሰውዬ እጁ ላይ የነበረው ጠባሳ እንጂ ነበልባል አልነበረም። አያቴን «ምን አደረገሽ?» ብትሏት የምትጠቅሰው አንድ ነገር አልነበራትም። ሶን ሳያስበው ለአያቴ ማስረጃ ያቀርብላታል። የተጠላው ወገን በእርግጥ ያቃጥላል፤ ከአጠገቡ ያለው ቅጠል ይለበለባል፣ ውሃው ይፈላል። ጥላቻን ሊነቅፍ የተነሣ ተረት ለጥላቻው ምክንያት ፈልጎ ከሰጠው ምን ይባላል?

ደራሲዎቹ ይህ ሳይከነክናቸው አልቀረም። ኤምበርና ዌድ እንዳይነካኩ ሲፈሩ ቆይተው አንድ ቀን እጅ ለእጅ ይያያዛሉ፤ እሷ አትጠፋም፣ እሱም አይተንም፤ ትንሽ እንፋሎት ብቻ። ደስ የሚል ትዕይንት ነው። እንግዲያው ያ ሁሉ ፍርሃት ወሬ ብቻ ነበር ማለት ነው ብዬ ተጽናናሁ። ምን ያደርጋል፣ ኋላ ላይ ያው ዌድ በተዘጋ ክፍል ውስጥ በእሷው ሙቀት ተንኖ ይጠፋል፤ የሚመለሰውም በእንባ ነው። አንዱን መምረጥ ነበረባቸው።

ደግሞስ ቁጣን ለእሳት፣ ልቅሶን ለውሃ ማከፋፈል ምን ይባላል? ሰው ከአራቱ ባሕርያት፣ ከነፋስ፣ ከእሳት፣ ከውሃና ከመሬት ተሠራ ሲባል እየሰማን ላደግነው፣ እሳት ብቻውን ዘር ሆኖ ሰፈር ይዞ መታየቱ ግር ይላል። እኛ ዘንድ አራቱም በአንድ ሰው ገላ ውስጥ ናቸው፤ ጠቡም እዚያው ነው።

ይህን ሁሉ ብዬም የፊልሙን መጨረሻ ልነቅፈው አልቻልኩም። በርኒ አገሩን ለቅቆ ሲወጣ ለአባቱ መሬት ነክቶ እጅ ነሥቶ ነበር፤ አባቱ ግን እጅ ሳይነሡት ዘወር አሉ። አሁን በተራዋ ኤምበር ልትሄድ ነው። መርከቡ ጋ ደርሳ ትዞርና እንደዚያው ተደፍታ ለአባቷ እጅ ትነሣለች፤ በርኒም ተደፍቶ ይመልስላታል። እዚያ ላይ እሳት መሆናቸው ትዝ አይልም፤ አባትና ልጅ ናቸው።

ይህ ሲሆን እህቴ ከማድ ቤት ወጥታ በሩ ላይ ቆማ ታይ ነበር። ወንድማችን ከሄደ ሰባት ዓመቱ ነው። የሄደ ለት አባታችን ከመኝታ ቤቱ አልወጣም። እህቴ ምንም ሳትናገር ወደ ምድጃዋ ተመለሰች፤ ልጅቷም «እንደገና እንየው» አለችኝ።