የመደብሩና የሐኪም ቤቱ ደራሲ

የቴሌቪዥን ድርሰት ጸሐፊ ዕድሉ እንግዳ ነው። ሥራውን ብዙ ሕዝብ ያየዋል፤ ምስጋናው ግን ለተዋንያኑ ስለሚሄድ ስሙን የሚያውቀው ጥቂት ነው። የቼኮስሎቫኪያው ያሮስላቭ ዲትልም በአገሩ ቢታወቅ እንጂ በውጭ ያለው ተመልካች ማን እንደ ጻፈለት ሳያውቅ ሥራውን ወደደው። በ1929 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ነው) በዛግሬብ ተወልዶ በፕራግ የፊልም ትምህርት ቤት ተማረ።

ከ1961 ዠምሮ የታየው «ሦስት ወንዶች በጎጆ» አያት፥ አባትና ልጅ ያለ ሴት የሚኖሩበትን የገጠር ቤት ያሳያል። በዚያን ጊዜ ጨዋታው በቀጥታ ይተላለፍ ስለ ነበረ ተዋናይ ቢሳሳት ማረሚያ የለውም። ዲትል ንግግርን አጭርና ለአፍ የሚቀል አድርጎ መጻፍን የተማረው ከዚህ ይመስለኛል።

ከ1968ቱ ወረራ በኋላ የብዙ ደራስያን ብዕር ሲታገድ እርሱ መጻፉን ቀጠለ። ክርክሩም የሚነሣው እዚህ ላይ ነው። በ1977 የታየው «ከባንኮኒው ኋላ ያለችው ሴት» የአንዲትን የምግብ መደብር ሠራተኛ ኑሮ በ12 ክፍል ይተርካል። መደርደሪያው ሁሉ ሞልቶ ይታያል፤ ተመልካቹ ግን በማግስቱ እንዲህ ያለውን ዕቃ ፈልጎ ይሰለፍ ነበር። ይህን ሐሰት ነው ያሉት አልተሳሳቱም። ዳሩ ግን አና ከባሏ ተለይታ ልጆቿን ለማሳደግ ስትደክም የሚታየው ድካም ሐሰት አይደለም።

ከሁሉ የሚበልጠው በ1978 እና በ1981 በ20 ክፍል የቀረበው «በከተማው ዳር ያለው ሐኪም ቤት» ነው። በምዕራብ ጀርመንም ሳይቀር ተወዷል። በአጥንት ሕክምናው ክፍል ምላሱ ስለታም የሆነው ሽትሮስማየር አለ፤ ችሎታው ከትምክሕቱ የሚያንስ ጽቫኽም አለ። ጠቡ ከውጭ የመጣ አይደለም፤ ከሥራው ከራሱ ይወለዳል፤ ስሕተትም በበሽተኛው አካል ላይ ይታያል።

ይኸው ብዕር በዚያው በ1981 «የሰሜኑ አውራጃ»ን አወጣ። እዚያ ችግር ሁሉ ወደ አውራጃው የፓርቲ ጸሐፊ ይመጣል፤ እርሱም ይፈታዋል። ሰውዬው አፉን ሳይከፍት መልሱን እናውቀዋለን። ጥፋቱን በመርማሪው ላይ ብቻ ማላከክ አይበቃም፤ ሁለቱም ድርሰቶች ያለፉት በአንድ መንግሥት ምርመራ ነውና። ዲትል ሐኪሞቹ እንዲሳሳቱ ፈቀደ፤ ለፓርቲው ጸሐፊ ግን ይህን ነፈገው።

ደራሲው በ1985 ሞተ። ፓርቲው በ1989 ከሥልጣን ከወረደ በኋላ፥ በ2003 ሌሎች ሰዎች ተከታይ ክፍል የሠሩለት ለሐኪም ቤቱ ነው።