ሕልም እንደ ፈቺው፦ የሴኖይ የሕልም ፍልስፍና እንዴት ተፈጠረ?

ታሪኩ ሲነገር እንዲህ ነው። በማሌዢያ ተራራማ ጫካ ውስጥ ሴኖይ የሚባል ሕዝብ ይኖራል። ጎህ ሲቀድ ቤተሰቡ ለቁርስ ይሰበሰባል፤ ልጆቹም ሌሊት ያዩትን ሕልም በየተራ ያወራሉ። አንዱ ልጅ ከገደል ሲወድቅ ደንግጦ እንደ ነቃ ይናገራል። አባቱም መውደቁ መልካም መሆኑን፣ ሌላ ጊዜ ሳይፈራ ወድቆ የሚያርፍበትን አገር እንዲያይ ይመክረዋል። አውሬ ያሳደዳት ልጅ ዞራ እንድትገጥመው ይነገራታል። በሕልሙ ባልንጀራውን የበደለ፣ ሲነጋ ስጦታ ይዞ ይሄዳል። እንዲህ ያደገ ሰው ሕልሙን እንደ ማሳው አርሶ ያለማል፤ በዚህም የተነሣ በሕዝቡ ዘንድ ለሁለትና ለሦስት መቶ ዓመታት ከባድ ወንጀል አልታየም ይባላል።

ይህን ሥዕል የሳለው አሜሪካዊው ኪልተን ስቱዋርት ነው። እ.ኤ.አ. በ1934 (ቀጥሎ ያሉት ዓመታትም በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ከእንግሊዛዊው አንትሮፖሎጂስት ከፓት ኑን ጋር፣ የሴኖይ አንዱ ወገን ወደሆኑት ቴሚያሮች ዘለቀ፤ በ1938ም ተመለሰ። በ1948 ለንደን ላይ የዶክትሬት ጽሑፉን አቀረበ። ዝናን ያመጣው ግን በ1951 ስለ ማላያ (የያኔዋ ማሌዢያ) የሕልም ንድፈ ሐሳብ ያሳተመው አጭር መጣጥፍ ነው። የሥነ ልቦና ምሁሩ ቻርልስ ታርት በ1969 ባሰናዳው መድበል ውስጥ አስገባው፤ ፓትሪሺያ ጋርፊልድ በ1974 ባወጣችው መጽሐፍ ወደ ቤት ውስጥ መመሪያ ለወጠችው፦ አደጋን ተጋፈጥ፣ ወደ ደስታ ገስግስ፣ ፍጻሜውን አሳምር። የቬትናም ጦርነት ላሳዘነው የአሜሪካ ወጣት ትውልድ፣ በሕልም ትምህርት ሰላም ያገኘ ሕዝብ መኖሩ ትልቅ የምሥራች ነበር።

የምሥራቹን የፈተሸው የሥነ ኅብረተሰብ ምሁሩ ዊልያም ዶምሆፍ ነው። በ1985 ባሳተመው መጽሐፍ ላይ የስቱዋርትን ጽሑፎች እርስ በርስ አመሳከረ፣ በቦታው የኖሩ ተመራማሪዎችንም ምስክርነት ሰበሰበ። ውጤቱ ግልጽ ነው። በ1951 እንደዚያ ተስተካክሎ የቀረበው ሥርዓት በዶክትሬት ጽሑፉ ውስጥ በዚያ መልኩ አይገኝም። በ1960ዎቹ መጀመሪያ ሌላው የሴኖይ ወገን ከሆኑት ከሴማዮች ጋር የኖረው ሮበርት ዴንታንም ሆነ ከቴሚያሮች ጋር የኖረው ጄፍሪ ቤንጃሚን የቁርስ ሰዓቱን የሕልም ትምህርት ቤት አላገኙትም። ኑን በ1943 በጃፓን ወረራ ዘመን ጫካው ውስጥ ስለ ተገደለ ሊመሰክር አልቻለም። ሰላሙን በተመለከተ፣ ሴማዮች ጠብን የሚሸሹ ሕዝብ መሆናቸውን ዴንታን ራሱ ጽፏል፤ ግን ይህን ጠባያቸውን በሕልም ሥልጠና ያገኙት አይደለም። ሰላሙም ፍጹም አልነበረም፤ በ1950ዎቹ እንግሊዞች በማላያ ኮሚኒስቶችን ሲዋጉ ከሴኖዮች ወንዶችን መልምለው ሴኖይ ፕራክ የተባለ የጦር ክፍል አቋቁመዋል።

ስቱዋርትን ሆን ብሎ የዋሸ ሰው አድርጌ አልከስሰውም። የራሱን የሥነ ልቦና ሕክምና ሐሳብ በሌላ ሕዝብ አፍ ያናገረ ይመስለኛል። አበው «ሕልም እንደ ፈቺው ነው» የሚሉት እዚህ ላይ በትክክል ይሠራል፤ የተፈታው የሴኖይ ሕልም ሳይሆን የፈቺው ምኞት ነው።

ጸሐፊውን ካርሎስ ካስታኔዳን ከስቱዋርት ጋር ማነጻጸር ይጠቅማል። ዶን ኋን የተባለ የያኪ ጠቢብ በሕልም ውስጥ እጁን ፈልጎ እንዲያይ እንዳስተማረው በ1972 ጻፈ፤ በማግስቱ ዓመት በሎስ አንጀለስ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ዶክትሬት ተሰጠው፤ በ1976 ሪቻርድ ዴ ሚል የታሪኩን ቅራኔዎች ዘርዝሮ አጋለጠ። ዶን ኋንን ግን ከካስታኔዳ በቀር ያየው ሰው የለም። ሴኖዮች አሉ። የራሳቸው የሕልም እሳቤም አላቸው፤ ጥፋቱን የሚያከብደውም ይኸው ነው።

አንትሮፖሎጂስቷ ማሪና ሮዝማን በ1991 ባሳተመችው መጽሐፍ የቴሚያሮችን እሳቤ በቅርበት ታሳየናለች። ሰው ሲተኛ በራሱ ላይ ያለችው ነፍሱ ወጥታ ትንከራተታለች፤ በመንገዷም የዛፍን፣ የወንዝን፣ የተራራን ነፍስ ታገኛለች። ከእነዚህ አንዱ ሕልመኛውን ይወድደውና ልጁ ልሁን ይለዋል፤ መዝሙርም ስንኝ በስንኝ ይሰጠዋል። ሕልመኛው ሲነቃ መዝሙሩን ለብቻው አያስቀረውም። ማታ በሥርዓቱ ቦታ አንዱን ስንኝ ያዜማል፤ ሴቶቹ የቀርከሃ ቱቦዎቻቸውን ጥንድ ጥንድ አድርገው ግንድ ላይ እየመቱ ይቀበሉታል፤ በዚያ ዜማ በሽተኛ ይታከማል። ቀላል ሕልም ቀላል ነው፤ ይረሳል። ክብር ያለው ሕልም ግን በራሱ ፈቃድ የሚመጣ ነው፤ ሰው አያዝዘውም።

ስቱዋርት ይህን ገልብጦታል። ቴሚያሩ በሕልሙ የሚቀበል ነው፤ የስቱዋርት ሴኖይ በሕልሙ የሚገዛ። ቴሚያሩ ጫካውን እንደ ዘመድ ይሰማል፤ የስቱዋርት ሴኖይ በየሌሊቱ እያሸነፈ ከሚያገኘው ሁሉ ምርኮ ይወስዳል። በመካከላቸው ያለው የዝርዝር ስሕተት ሳይሆን የፍልስፍና ልዩነት ነው፤ የጥያቄው ዋና ነጥብ «ሕልም የማን ነው?» የሚለው ስለሆነ።

የማንም ይሁን፣ ሕልምን የመግዛት ዘዴው ይሠራል የሚሉ አሉ፤ እኔም ሙሉ በሙሉ አልክድም። ሕልም ውስጥ ሆኖ ማለሙን ማወቅ የሚቻል ነገር ነው። በ1975 ኪት ሄርን በሃል ዩኒቨርሲቲ፣ ጥቂት ቆይቶም ስቲቨን ላበርዥ በስታንፎርድ፣ የተኙ ሰዎች አስቀድመው በተስማሙበት ምልክት ዓይናቸውን ግራና ቀኝ እያንቀሳቀሱ ከሕልማቸው ውስጥ መልእክት ሲልኩ በመሣሪያ መዝግበዋል። ሕልም በሚበዛበት የእንቅልፍ ደረጃ ቀሪው ሰውነት ሲዝል ዓይን ስለማይዝል ነው የተቻለው። ይህ ግን ስለ ቴሚያሮች አንዳች አይነግረንም። መድኃኒቱ ማዳኑ አንድ ጥያቄ፣ ቀማሚው ማን መሆኑ ሌላ ጥያቄ ነው።

የእኛ አንባቢ ለእንዲህ ያለው ሙግት እንግዳ አይደለም። ጣሊያናዊው ምሁር ኮንቲ ሮሲኒ በ1920 ሐተታ ዘርዓ ያዕቆብን የጣሊያናዊው ሚሲዮናዊ የጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ድርሰት ነው ካለ ወዲህ ክርክሩ አልበረደም። እዚያ ግን የግእዙ ጽሑፍ በእጃችን አለ፤ ቃል በቃል ይመረመራል። በሴኖይ ጉዳይ የሚመረመር ጥንታዊ መጽሐፍ የለም፤ ያለው ሕዝቡ ነው፤ አስቀድሞ መጠየቅ የነበረበትም እሱ ነው።

ስለዚህ ስለ ሕልም ለምትጽፉና ለምትተረጉሙ አንድ ልመና አለኝ። ሕልምን የመግዛት ዘዴውን ጠቃሚ ሆኖ ካገኛችሁት አስተምሩት፤ ስሙን ግን የስቱዋርት ዘዴ በሉት። የሴኖይን ስም ለሴኖዮች ተዉላቸው።