ሰባት ምልክት ለአንድ አንጀት

አማርኛ አንጀትን የርኅራኄ ማደሪያ ያደርገዋል። የሰው ጉዳት ስናይ አንጀታችን ይላወሳል። በአሜሪካ ሆስፒታሎች የሕክምና ኮድ የሚሰጡ ባለሙያዎች ለዚሁ አካል ያላቸው ጥንቃቄ የሚማርከኝ ለዚህ ሳይሆን አይቀርም።

መኪና ሲጋጭ የመቀመጫ ቀበቶ ሆድን ይጨምቃል፤ ቆዳው ደህና ሆኖ ውስጡ ሊቀደድ ይችላል። እ.ኤ.አ. ከጥቅምት 2015 ጀምሮ አገሪቱ በምትሠራበት የሕክምና ኮድ መደብ የትንሹ አንጀት ጉዳት ኤስ36.4 ብሎ ይነሣል። ቀጥሎ 2 ከመጣ አንጀቱ በልዟል፣ 3 ከመጣ ተቀድዷል፣ 1 ከሆነ የፍንዳታ ግፊት ጎድቶታል። ስድስተኛው ምልክት ቦታውን ይነግራል፦ 0 ከጨጓራ ቀጥሎ ያለው ዱዮደነም፣ 8 ከዚያ በታች ያለው። 9 ክፍሉ አልተገለጸም ማለት ነው፤ ጎበዝ ባለሙያ ግን 9ን ከመጻፏ በፊት የቀዶ ሕክምናውን ማስታወሻ ደጋግማ ታነባለች።

የሚገርመው፣ ሆድ ሳይከፈት መጎዳቱን የሚገልጽ የራሱ ምልክት የለም። ክፍት ቁስል ቢኖር ኤስ31 የሚል ሌላ ኮድ አብሮ ይጻፍ ነበር፤ አለመኖሩ ነው የሚናገረው።

ከሁሉ የምወደው ሰባተኛውን ነው። ሕክምናው ሲካሄድ ኤ፣ በማገገም ላይ ዲ። ከዓመታት በኋላ አንጀቱ በጠባሳ ተጣብቆ ቢዘጋ ኤስ ይጻፋል፤ የዛሬው ሕመም ከዚያ ከድሮው አደጋ ጋር በመዝገብ ይያያዛል።