የአጥሩ እግር

አጥሬ ዘመመ ብሎ የሚጠራኝ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ነፋሱን ወይም እንጨቱን ይወቅሳል። እኔ ግን ቢሾፍቱና ዙሪያዋ ባሉ ግቢዎች አጥር ሳጥር ስለኖርኩ መጀመሪያ የማየው የቋሚዎቹን እግር ነው። ግቢው ዶሮ ያለበት ከሆነ ከቋሚው ሥር ብናኝ አፈር የሞላበት ክብ ጎድጓዳ አላጣም።

ዶሮ ከላባዋ ቅንቅን የምታራግፈው አፈር ውስጥ ተንከባላ ነው። ለዚህ ደረቅና የላላ አፈር ትመርጣለች። በግቢው ውስጥ ከሁሉ የላላው አፈር ደግሞ እኛ አጣሪዎች ቆፍረን የመለስነው ነው። ስለዚህ ጥፋቱን በዶሮዋ ላይ ብቻ መጣል ፍርድ ማጓደል ይመስለኛል። አፈሩ ጥቂት በጥቂት እየተመለሰ፣ በየእርከኑ በደንብ ካልተጠቀጠቀ እሷን መጥራት ማለት ነው።

60 ሳንቲ ሜትር የተቀበረ ቋሚ ዙሪያው 15 ሳንቲ ሜትር ከተጫረ መሬት ውስጥ ከያዘው ሩቡን አጣ። የባሰው የሚመጣው ክረምት ሲገባ ነው፤ ጎድጓዳው ውኃ ይቋጥራል። እንጨት ቶሎ የሚበሰብሰው እርጥበትና አየር በሚገናኙበት፣ ልክ አፈሩ ወለል ላይ ነው። ከአጤ ምኒልክ ዘመን ወዲህ የለመድነው ባሕር ዛፍ ቀጥ ብሎ ቶሎ ያድጋል እንጂ ገና ቀጭን ሳለ ተቆርጦ ሲተከል እርጥብ አፈር ውስጥ ብዙ አይቆይም። የጥድ ልብ ይቆያል፤ ግን ደኑ በተመናመነበት አገር ለአጥር ብሎ ጥድ መቁረጥ አንጀቴ አይችልም።

ከላይም ጉዳት አለ። ማገር ላይ የምታድር ዶሮ ኩሷ ማገሩና ቋሚው በተገናኙበት ይከማቻል፣ እርጥበት ይይዛል፣ ሚስማሩን ያዝጋል። መፍትሔው ከአጥሩ ከፍ ያለ ቆጥ መሥራት ነው። ዶሮ ለማደሪያ ከፍታ ትወዳለች።

ዶሮዋ ከሁሉም ቋሚ አንዱን መርጣ ሥሩን ደጋግማ ከጫረች ግን አታባርሯት። ምስጥ አግኝታ ሊሆን ይችላል። የቋሚውን ሥር ገለጥ አድርጋችሁ በቢላ ጫፍ ወጋ አድርጉት፤ ቢላው ያለ ችግር ከገባ ቋሚው መቀየር አለበት። ሰው ይህን ምልክት ሲንቀው ያሳዝነኛል፤ ምስጥን ከእሷ ቀድሞ የሚያይ የለምና።

ቋሚን የተቃጠለ የሞተር ዘይት መቀባት የተለመደ ነው። ዶሮ ባለበት ግቢ ይህን አልሠራም። ዘይቱ አፈሩ ውስጥ ይገባል፣ ዶሮዋ አፈሩን ትለቅማለች፣ እንቁላሏን ልጆች ይበላሉ። በዘይቱ ፈንታ ቋሚው ዙሪያ አፈሩን ከፍ አድርጌ፣ ውኃው ወደ ውጭ እንዲፈስ አዘቅዝቄ ዶሮ ልታንቀሳቅሰው የማትችለውን ጠፍጣፋ ድንጋይ እደረድርበታለሁ። ሽቦ ወንፊት ማሰር ለሚችል ሰው የታችኛውን ጫፍ መቅበር ይሻላል፤ መሬት ላይ ከቀረ ሥሩን ጭራ ታልፋለች።

ይህ ሁሉ ሆኖ ዶሮዋ የራሷ መታጠቢያ ከሌላት ድንጋዩ ወደሌለበት ቋሚ ትዞራለች። ጣሪያ ሥር፣ ዝናብ በማይነካው ጥግ፣ ደረቅ አሸዋና የቀዘቀዘ የምድጃ አመድ ቀላቅላችሁ አኑሩላት። ግንቦት ሳያልቅ፣ ክረምቱ ሳይገባ፣ አጥራችሁን አንድ ጊዜ ዙሩትና የተጫረውን ሙሉ፤ በነሐሴ ጭቃ ውስጥ የዘመመ ቋሚ ማቅናት ድካሙም ወጪውም እጥፍ ነው።