ተናጋሪዋ ያላወቀችው

መነባንብ መጻፍ የጀመረ ሰው ብዙውን ጊዜ ገጸ ባሕሪውን ጠቢብ ያደርጋል። አንዲት ሴት ብቻዋን መድረክ ላይ ያቆምና ስለ ሰው ልጅ ኑሮ የሚያስበውን ሁሉ በእሷ አፍ ይናገራል። ተዋናይዋ ጽሑፉን ትወደዋለች፤ ተመልካቹም ያጨበጭባል። ሴትዮዋ ግን የለችም፤ ያለው ደራሲው ነው። የዚህ በሽታ መድኃኒት እንግሊዛዊው ጸሐፌ ተውኔት አለን ቤኔት ዘንድ አለ ባይ ነኝ።

ቤኔት በ1934 (ዘመኑ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) ሊድስ ውስጥ ከሥጋ ሻጭ አባት ተወለደ። ኦክስፎርድ ገብቶ የመካከለኛውን ዘመን ታሪክ ተማረ፤ አስተማረም። በ1960 ከፒተር ኩክ፣ ከዱድሊ ሙርና ከጆናታን ሚለር ጋር ሆኖ «ቢዮንድ ዘ ፍሪንጅ» የተባለውን የሽሙጥ ዝግጅት ኤድንብራ ላይ ሲያሳይ ግን የመምህርነቱ ነገር ማብቂያው ተቃረበ። በ1968 የመጀመሪያ የመድረክ ተውኔቱ፣ በ1972 የመጀመሪያ የቴሌቪዥን ፊልሙ ቀረበ። «ዘ ሂስትሪ ቦይስ» በ2004 ለንደን ላይ ታየ፤ በኋላም ኒውዮርክ ተሻግሮ ስድስት የቶኒ ሽልማት አገኘ። የቴአትር ሰዎች ስለ እሱ ሲያወሩ የሚያነሱት ይህንን ነው። እኔ ግን ቢቢሲ በ1988 ያሳየውን «ቶኪንግ ሄድስ» እመርጣለሁ። ስድስት መነባንቦች ናቸው፤ በእያንዳንዱ አንድ ሰው ካሜራ ፊት ያወራል፣ በቃ።

ከስድስቱ አንዱን ልንገራችሁ። ዶሪስ የ75 ዓመት ባልቴት ናት። ቤቷን ለማጽዳት የምትመጣው ሠራተኛ አቧራ እንዳትነካ ከልክላታለች። ዶሪስ እምቢ ብላ የሠርግ ፎቶዋን ልትወለውል ስትል ወደቀች፤ እግሯ አልታዘዝ አላት። ወለሉ ላይ እየተንፏቀቀች ሳለ ሶፋው ሥር አንድ ብስኩት ታገኛለች። ደስ አላት! ሠራተኛዋ በደንብ እንደማታጸዳ ማስረጃ ተገኘ። እኛ መዳኗ ያስጨንቀናል፤ እሷ ክስ ታዘጋጃለች። ሲመሽ አንድ ፖሊስ በር ላይ ይመጣል። ደህና መሆኗን ሲጠይቃት ደህና ነኝ ብላ ታሰናብተዋለች፤ ምክንያቱም ወድቃ ከተገኘች ወደ አረጋውያን መኖሪያ ይወስዷታል። ቤኔት ስለ ብቸኝነት አንድም ዓረፍተ ነገር አልሰበከም።

እኛ በሰምና ወርቅ ስላደግን እንዲህ ከቃሉ ሥር ሌላ ትርጉም መኖሩ አዲስ ላይመስለን ይችላል። ልዩነቱ ግን ትልቅ ነው። በቅኔ ወርቁን የደበቀው ባለቅኔው ራሱ ነው፤ ያውቀዋል፣ እንዲያውም ይኮራበታል። የቤኔት ተናጋሪዎች የያዙት ሰሙን ብቻ ነው። አይሪን ሩዶክ የምትባለዋ ሴት የአቤቱታ ደብዳቤ መጻፍ ሥራዋ ነው። ፊት ለፊቷ ያሉት ባልና ሚስት ልጃቸውን ይበድላሉ ብላ ትከሳለች፤ ልጁ ለካ በጠና ታሞ ሆስፒታል ኖሯል። በየክፍሉ መካከል ምስሉ ይጨልማል፤ ትልልቁ ነገር የሚሆነው በዚያ ጨለማ ውስጥ ነው። ፍርድ ቤቱን አናይም። መጨረሻ ላይ እስር ቤት ስናገኛት በሕይወቷ ለመጀመሪያ ጊዜ ጓደኛ አግኝታለች፤ ደስተኛም ናት።

ይህ አሠራር ለአማርኛ የተሰፋ ይመስለኛል። የእኛ ሰው ወሬ ሲያወራ የሌላውን ንግግር አሳጥሮ አያቀርብም፤ «አለችኝ»፣ «አልኳት» እያለ ሰውየውን ራሱን ያመጣዋል። የቤኔት ሴቶችም እንዲሁ ናቸው። ለምሳሌ አንዲት እናት እንዲህ ብታወራ፦

«እትዬ፣ ልጅዎ ደወለ?» አለችኝ። «እሱ እኮ ሥራ ይበዛበታል» አልኳት። «ለፋሲካስ?» አለች። «አንቺ፣ ቡናው እንዳይገነፍል እዪ» አልኳት።

ጀማሪ ጸሐፊ እዚህ ላይ «ልጄ ረሳኝ» የሚል መስመር ይጨምራል። ያ መስመር ከተጨመረ ተመልካቹ ሥራ ይፈታል። ቡናው ይበቃል። አዘጋጆችም መስመሩን መተው ይፈራሉ፤ «ሰው ላይገባው ይችላል» ይላሉ። ለቅሶ ቤት ተቀምጦ በግማሽ ቃል የሚግባባ ሕዝብ ይዘን ይህን መፍራታችን ይገርመኛል።

እንዲህ ለመጻፍ ጆሮ ያስፈልጋል፤ የቤኔት ጆሮ ደግሞ ትዕግሥት ያለው ነው። ካምደን ታውን በነበረው ቤቱ ግቢ ውስጥ ሚስ ሼፐርድ የተባለች መጠለያ የሌላት ሴት ከ1974 እስከ ሞተችበት እስከ 1989 መኪናዋ ውስጥ ኖራለች። እኔ ብሆን በሁለተኛው ሳምንት ዘበኛ እጠራ ነበር። እሱ ማስታወሻ ያዘ። ከሞተች በኋላ ታሪኩን በጽሑፍ አወጣው፤ በ1999 ተውኔት፣ በ2015 ማጊ ስሚዝ የተጫወተችበት ፊልም ሆነ። ተውኔቱ ላይ ራሱን ለሁለት ከፍሎ አስገብቷል፦ አንዱ ከሴትዮዋ ጋር የሚኖር፣ ሌላው የሚጽፍ። ሁለቱ ይጨቃጨቃሉ። እንደ ጸሐፊ ሳየው ከመነባንቦቹ ይልቅ ይህ ይደክማል፤ ቤኔት ራሱን ማብራራት የጀመረበት ሥራ ነውና።

በ1998 «ቶኪንግ ሄድስ» ላይ ስድስት ሌሎች መነባንቦች ተጨመሩና አሥራ ሁለት ሆኑ። በ2020፣ ወረርሽኙ ስቱዲዮዎችን በዘጋበት ወቅት፣ ቢቢሲ በአዳዲስ ተዋንያን እንደገና ሠራቸው፤ ሰው ለሰው መቀራረብ ሲከለከል አንድ ተዋናይና አንድ ካሜራ የሚበቃው ጽሑፍ ተዘጋጅቶ ተገኘ። ቤኔት ሁለት አዲስ ጨመረ፤ ከነባሮቹ አሥሩ ብቻ ተደገሙ። የዶሪስን ታሪክ ጨምሮ ተዋናይት ቶራ ኸርድ የተጫወተቻቸው ሁለቱ አልተነኩም። ትክክል ይመስለኛል፤ እነዚያን የሚያይ ሰው የ1988ቱንና የ1998ቱን ይይ።